ሰባቷን ዘጠኝ ያደረገች ብዕር

7 ቁጥርን ወደ 9 መለወጥ ብዙ ጥበብ አይጠይቅም። ከላይ ያለችውን አግድም መስመር በአንዲት ጎባጣ ጭረት መግጠም ነው፤ ብዕር ለያዘ እጅ የአንድ ትንፋሽ ሥራ። እ.ኤ.አ. በ1948 የበጋ ማብቂያ ላይ በደቡብ ቴክሳስ፣ አሊስ በምትባል ትንሽ ከተማ፣ በአንድ የምርጫ ጣቢያ የውጤት መዝገብ ላይ ሰፍሮ የነበረው 765 ከቀናት በኋላ 965 ሆኖ ተገኘ። ተጠቃሚው 40 ዓመት የሞላው የምክር ቤት አባል ሊንደን ጆንሰን ነበር። በዚያች ጭረት ሴኔት ገባ፤ ከሴኔት ምክትል ፕሬዚዳንት፣ ከዚያም በ1963 የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ሆነ።

ስለ ጆንሰን ብዙ ተጽፏል። ጭረቷ በማን ግዛት፣ በማን ፈቃድ እንደተጨመረች የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። ሰውየው ጆርጅ ፓር ይባላል። ዕድሜ ልኩን ከካውንቲ ዳኝነትና ከሸሪፍነት ያለፈ ሹመት ይዞ አያውቅም። በቴክሳስ የካውንቲ ዳኛ ማለት ችሎት ተቀምጦ የሚፈርድ ብቻ አይደለም፤ የወረዳ አስተዳዳሪ እንደማለት ነው፤ በጀቱ በእሱ እጅ ነው፣ መንገዱ የሚጠገነው በእሱ ትእዛዝ ነው፣ ቅጥሩም ከእሱ ፈቃድ አይወጣም። ፓርን ጋዜጦች «የዱቫል መስፍን» ይሉት ነበር፤ የአገሬው ሰው ደግሞ በስፓኝኛ «ፓትሮን» ይለዋል። ጌታም፣ አሳዳሪም፣ ባለውለታም በአንድ ቃል።

ዱቫል ለሜክሲኮ ድንበር ቀረብ ያለ፣ ቁጥቋጦና ደረቅ ሣር የበዛበት ሰፊ ካውንቲ ነው። ዋና ከተማው ሳን ዲዬጎ ይባላል፤ ከካሊፎርኒያው ጋር ስሙ እንጂ ሌላው አይገናኝም። ነዋሪው በአብዛኛው የሜክሲኮ ዝርያ ያለው፣ ስፓኝኛ ተናጋሪ፣ በከብት እርባታና በጉልበት ሥራ የሚኖር ድሃ ነበር። የጆርጅ አባት አርቺ ፓር ወደዚህ የመጣው በ1880ዎቹ በከብት ጠባቂነት ነው። ስፓኝኛውን እንደ አፍ መፍቻው አቀላጥፎ ተናገረ፣ መሬት ገዛ፣ ፖለቲካ ውስጥ ገባ። በ1912 በሳን ዲዬጎ በምርጫ ጠብ ሦስት የሜክሲኮ ተወላጆች በነጮች ጥይት ሲገደሉ፣ ከነጮቹ መካከል ከሟቾቹ ወገን ጎን የቆመው አርቺ ነበር። በዚያ ዘመን በቴክሳስ ለሜክሲኮ ተወላጅ እንዲህ ያለ ነገር ያደረገ ነጭ ብርቅ ነው። ሕዝቡ አልረሳለትም። እሱም ውለታውን ሲሰበስብ ኖረ።

በ1914 ለቴክሳስ ሴኔት ተመርጦ 20 ዓመት ያህል ተቀመጠበት። በዚያው ዓመት የካውንቲው ሒሳብ ይመርመር የሚል ግፊት ሲበረታ የካውንቲው ፍርድ ቤት ሕንፃ ተቃጠለ። ሰነዶቹም አብረው ጋዩ።

ጆርጅ በ1901 ተወልዶ በዚህ ቤት አደገ። ከሜክሲኮ ልጆች ጋር ሲጫወት ያደገ፣ ስፓኝኛው ከእንግሊዝኛው የማይተናነስ፣ የእያንዳንዱን ቤተሰብ ስም፣ ሕመምና ዕዳ የሚያውቅ ሰው ነበር። በ1926 የካውንቲ ዳኛ ሆነ። ቢሮው ደጅ ጠኚ አያጣም። ልጇ የታመመባት እናት ትመጣለች፤ ሐኪም ይከፈልላታል። አባቱ የሞተበት ይመጣል፤ ሬሳ ሣጥንና ቀብር ይሸፈንለታል። ሥራ ያጣ ይመጣል፤ መንገድ ጥገና ላይ ይመደባል ወይም የሸሪፍ ረዳት ተብሎ ሽጉጥ ይታጠቃል። ወረቀት አይሞላም፣ ነገ ተመለስ አይባልም። መንግሥት ፊቱን ላዞረበት ሕዝብ ይህ ቀላል ነገር አልነበረም፤ የፓርን ታሪክ በሽጉጥና በማስፈራሪያ ብቻ የሚተርኩት ጸሐፊዎች ይህን አሳንሰው ያዩታል። ሰው ለፓር ድምፁን የሚሰጠው ፈርቶ ብቻ ቢሆን ኖሮ ሥርዓቱ ስድሳ ዓመት ገደማ ባልዘለቀ።

ጥያቄው ያ ሁሉ ገንዘብ ከየት ይመጣ ነበር የሚለው ነው። ከራሱ ከሕዝቡ። በ1945 ፓር ሰፊ የከብት እርባታ መሬት ሲገዛ ግማሽ ሚሊዮን ዶላር ያወጣው ከካውንቲው የመንገድና ድልድይ ገንዘብ ነበር። ብድር ነው ተባለ፤ አበዳሪው ካውንቲው፣ ተበዳሪው የካውንቲው አድራጊ ፈጣሪ። ቤናቪዴስ በምትባለው ሁለተኛዋ ከተማ ለትምህርት ቤቶች የተሰበሰበ ግብርም ወደ ፓርና ወደ ሰዎቹ ኪስ እንደገባ ኋላ ዐቃቤ ሕግ በፍርድ ቤት አስረድቷል። እንግዲህ ያቺ እናት በምስጋና እንባ የተቀበለችው የሐኪም ክፍያ ከልጇ ትምህርት ቤት የተወሰደ ሊሆን ይችላል። ድምፅዋን የሰጠችው ለገዛ ገንዘቧ ውለታ ነው። በዚህ ታሪክ ውስጥ ከተሞሉት ሣጥኖች ሁሉ የሚያንገበግበው ይህ ነው።

ምርጫው ራሱ እንዴት ይካሄድ ነበር? በቴክሳስ ድምፅ ለመስጠት በቅድሚያ የመራጭነት ግብር መክፈል ግዴታ ነበር፤ በአብዛኛው 1 ዶላር ከ75 ሳንቲም። በዚያ ዘመን ለቀን ሠራተኛ ይህ ከባድ ገንዘብ ነው። ሕጉ የወጣው ድሃውን፣ ጥቁሩንና የሜክሲኮውን ተወላጅ ከምርጫ ለማራቅ ሲሆን በደቡብ ቴክሳስ ግን ሌላ በር ከፈተ። አለቆቹ ግብሩን በጅምላ ይከፍላሉ፤ ደረሰኙ እነሱ ዘንድ ይቀመጣል፤ በምርጫው ቀን ለመራጩ ይታደላል። ማንበብ ለማይችለው ደግሞ ቋጠሮ ያለበት ሲባጎ ይሰጠዋል። ሲባጎውን ከድምፅ መስጫ ወረቀቱ አናት አንስቶ ወደ ታች ሲዘረጋው፣ ቋጠሮው የሚያርፍበት ስም መመረጥ ያለበት ሰው ነው። መራጩ ስሙን አያውቀው፣ ሰውየውን አይቶት አያውቅ። ቋጠሮውን ግን አይስትም።

ከዚህ የቀረውን ቆጣሪው ይሞላዋል። በኛ አገር ኮረጆ ግልበጣ የምንለው ዓይነት ነገር ፓር ዘንድ እምብዛም አያስፈልግም ነበር፤ ምርጫ አስፈጻሚው፣ ሸሪፉ፣ የባንኩ ገንዘብ ያዥና የፓርቲው ጸሐፊ የአንድ ሰው እንጀራ በልተው የሚያድሩ ከሆነ ኮረጆ ለመገልበጥ መቸኮል ለምን? ውጤቱን ይዞ መቆየት ይበቃል። ሌሎቹ ካውንቲዎች ስንት ስንት እንዳሉ ይታያል፤ የጎደለው ይታወቃል፤ ከዚያ የራስን ቁጥር ማሳወቅ ነው። የመጨረሻ ተናጋሪ የሆነ ያሸንፋል።

ይህን ጆንሰን የተማረው ተሸንፎ ነው። በ1941 ለሴኔት ሲወዳደር የደቡቡን ካውንቲዎች ውጤት ቀድሞ አስነገረ። የተቀናቃኙ ሰዎች ምን ያህል እንደሚጎድላቸው ቁጭ ብለው አሰሉ፤ ከሌላ የቴክሳስ ጥግ ዘግይቶ የመጣ ድምፅ በ1,311 ልዩነት ጣለው። በ1948 በድጋሚ ሲወዳደር ያንን ስሕተት ለመድገም ፈቃደኛ አልነበረም።

ተቀናቃኙ ኮክ ስቲቨንሰን ነበር፤ የቀድሞ ገዥ፣ ዝምተኛ፣ በገበሬው ዘንድ የተከበረ ሰው። ስቲቨንሰን ንጹሕ መልአክ ተደርጎ እንዳይታሰብ አንድ ነገር መጨመር ያስፈልጋል፤ ከዚያ በፊት በነበሩት ምርጫዎች ዱቫል በገፍ ድምፁን የሰጠው ለእሱ ነበር፤ ያን ጊዜም ሲባጎው አንድ ነበር፣ ቋጠሮውም አንድ። ነገር የተበላሸው ገዥ ሳለ በአካባቢው አለቆች የታጨን ሰው ዐቃቤ ሕግ አድርጎ ሳይሾም በመቅረቱ ነው። ፓር ውለታ እንደማይረሳ ሁሉ ቂምም አይረሳም።

የዴሞክራቲክ ፓርቲው የመለያ ምርጫ ኦገስት 28 ተካሄደ። በዚያ ዘመን ቴክሳስ የአንድ ፓርቲ አገር ስለነበረች፣ ይህን ያሸነፈ ሴኔት ገባ ማለት ነው፤ የኖቬምበሩ ምርጫ ለወጉ ነው። ምርጫውን የሚያስፈጽመውና የሚቆጥረውም መንግሥት ሳይሆን ፓርቲው ራሱ ነበር። ከዱቫል የመጣው ውጤት ተጨማሪው ሁሉ ተደምሮ 4,622 ለጆንሰን፣ 40 ለስቲቨንሰን ሆነ። ከመቶ ሰዎች 99ኙ በአንድ ሐሳብ ያደሩበት ካውንቲ። ያም ሆኖ ስቲቨንሰን ይመራ ነበር። ቀናት አለፉ፤ ቁጥሩ ወዲያ ወዲህ ሲዋልል ሰነበተ። በስድስተኛው ቀን፣ ዓርብ ሴፕቴምበር 3፣ ከዱቫል ጎን ካለው ከጂም ዌልስ ካውንቲ፣ ከአሊስ ከተማ 13ኛ ምርጫ ጣቢያ እርማት መጣ። ለጆንሰን 200 ድምፅ ተጨመረ፤ ለስቲቨንሰን ሁለት። የመጨረሻው ድምር 494,191 ለ494,104 ሆነ። አንድ ሚሊዮን ሊሞላ ጥቂት በቀረው መራጭ መካከል የ87 ድምፅ ልዩነት።

ስቲቨንሰን ራሱ ወደ አሊስ ሄደ። አብሮት የሄደው ፍራንክ ሐመር ነበር፤ በ1934 ቦኒና ክላይድ የተባሉትን ወንበዴዎች አድፍጦ የገደለው ቡድን መሪ፣ በቴክሳስ ስሙ ብቻ መንገድ የሚያስለቅቅ ሽማግሌ። የመራጮቹ ስም ዝርዝር የተቀመጠው ፓር በሚቆጣጠረው ባንክ ካዝና ውስጥ ነው። በባንኩ ዙሪያ የታጠቁ ሰዎች ቆመዋል። ሐመር ከፊት፣ ስቲቨንሰንና ጠበቆቹ ከኋላ ሆነው አልፈው ገቡ። ዝርዝሩን ለጥቂት ጊዜ ብቻ ነው ያዩት። እስከ 841ኛው መራጭ ድረስ ስሞቹ በአንድ ዓይነት ቀለም ተጽፈዋል። ከዚያ በኋላ ቀለሙ ይለወጣል። የእጅ ጽሑፉ የአንድ ሰው ይመስላል። ሁለት መቶ ያህሉ ስሞች ደግሞ በፊደል ተራ የተደረደሩ ናቸው፤ ሁለት መቶ ሰዎች በየስማቸው ፊደል ተሰልፈው ድምፅ ሰጥተው የሄዱ ይመስል።

ከባንኩ ሲወጡ የሸመደዷቸውን ስሞች ይዘው ቤት ለቤት ዞሩ። ያገኟቸው ሰዎች በዚያ ቀን ድምፅ እንዳልሰጡ ተናገሩ። አንዳንዶቹ ከተማው ውስጥ አልነበሩም። በሕይወት የሌሉም ተገኙ። 841ኛው መራጭ ደግሞ ጣቢያው ሊዘጋ ጥቂት ደቂቃ ሲቀረው እንደደረሰና ከኋላው ማንም እንዳልነበረ መሰከረ። ይህ ሰው ምንም አላደረገም፤ ዘግይቶ መጣ፣ ድምፁን ሰጠ፣ ወደ ቤቱ ሄደ። ኋላ ሲጠየቅ ደግሞ ያየውን ተናገረ። ነዋሪው ሁሉ የፓርን ፊት አይቶ በሚያድርበት አገር ይህ ደፋር ሥራ ነው፤ በታሪኩ ውስጥ ከሴኔተሮቹና ከጠበቆቹ ሁሉ ይልቅ የሚከበር ሰው ቢኖር እሱ ነው።

ከዚያ ነገሩ ወደ ትልልቆቹ ሰዎች አለፈ። የፓርቲው ማዕከላዊ ኮሚቴ ፎርት ወርዝ ላይ ተሰብስቦ የጆንሰንን አሸናፊነት 29 ለ28 በሆነ ድምፅ አጸደቀ። ስቲቨንሰን ወደ ፌዴራል ፍርድ ቤት ሄደ፤ ዳኛ ዴቪድሰን እገዳ ሰጥቶ ማስረጃ የሚመረምሩ ሰዎችን ወደ ደቡብ ላከ። አሊስ ውስጥ ሣጥኖቹ መከፈት ጀመሩ። ይህ ሁሉ በሚሆንበት ሰዓት የጆንሰን ጠበቃ ኤብ ፎርታስ ዋሽንግተን ውስጥ ነገሩን ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ዳኛ ለሂዩጎ ብላክ አድርሶ ነበር። ብላክ፣ የፌዴራል ፍርድ ቤት በክፍለ አገር ምርጫ ጣልቃ የሚገባበት ሥልጣን የለውም ብሎ እገዳውን አነሣ። መልእክቱ አሊስ ሲደርስ ምርመራው እዚያው ቆመ። ያ የስም ዝርዝርም እስከ ዛሬ አልተገኘም። ፎርታስን ጆንሰን ፕሬዚዳንት በሆነ ጊዜ፣ በ1965፣ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ አድርጎ ሾመው።

ጆንሰን ዋሽንግተን ገባ፤ የአሊስና የዱቫል ሰዎች ግን ከፓር ጋር ቀሩ። በ1949 የአለቆቹን ሥራ በሬዲዮ የሚያጋልጥ ቢል ሜሰን የተባለ ጋዜጠኛ በአሊስ ጎዳና ላይ በአንድ የሸሪፍ ረዳት ጥይት ተገደለ። ገዳዩ ዕድሜ ልክ ተፈርዶበት ታስሮ ሳለ በ1952 ለስቲቨንሰን ደብዳቤ ጻፈ፤ ስለ ሣጥን 13 የማውቀው አለ የሚል። ስቲቨንሰን ሊያነጋግረው ሳይደርስ ሰውየው በእስር ክፍሉ ውስጥ ተሰቅሎ ተገኘ። በዚያው ዓመት የፓር ዋና ተቃዋሚ የነበረ ጠበቃ ልጅ፣ አባቱ መስሏቸው በገዛ ቤቱ ግቢ ተገደለ።

ፓርን ለመጋፈጥ መጀመሪያ የተነሡት ከውጭ የመጡ አልነበሩም። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተመለሱ የሜክሲኮ ተወላጅ ወታደሮች ፍሪደም ፓርቲ የሚባል ማኅበር መሥርተው፣ በየስብሰባቸው ሽጉጥ የታጠቁ የሸሪፍ ረዳቶች እየቆሙባቸው በግልጽ ተናገሩት። ባሕር ማዶ ተዋግቶ የመጣ ሰው፣ ለሥራና ለቀብር ገንዘብ ደጅ እየጠና መኖርን መቀበል አቃተው። የቴክሳስ ገዥ ሺቨርስ መርማሪዎችን የላከው ከዚያ ወዲህ ነው። በፓርና በሰዎቹ ላይ ከስድስት መቶ በላይ ክስ ተመሠረተ።

አብዛኛው ክስ ግን ውጤት አላመጣም። የ1957ቱ ትልቁ ፍርድ ታሪክ ለሕግ ተማሪ እንኳ የሚያስደንቅ ነው። የቤናቪዴስን ትምህርት ቤቶች ገንዘብ መዝረፉ የክፍለ አገሩ ጉዳይ ስለሆነ፣ የፌዴራል ዐቃቤ ሕግ ፓርን የከሰሰው በፖስታ ተጠቅሞ በማጭበርበር ነበር፤ የግብር መጠየቂያዎቹ ለነዋሪው የተላኩት በፖስታ ነውና። ፓር ተፈረደበት። በ1960 ግን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሻረው፤ ግብር መጠየቂያ መላክ ትምህርት ቤቱ በሕግ የተጣለበት ግዴታ ስለሆነ፣ መላኩ በራሱ የማጭበርበሩ አካል ሊባል አይችልም አለ። ዝርፊያ አልነበረም ያለ ዳኛ የለም። የተዘረፈው ሕዝብ ግን ገንዘቡን ሲሰርቁት እንደነበረ እያወቀ፣ ሰውየው ነጻ ሆኖ ወደ ሳን ዲዬጎ ሲመለስ አየ። ተመልሶም ገዛ።

በመጨረሻ ያገኘው ግብር ነው። በ1930ዎቹም በገቢ ግብር ስወራ ጥፋተኛነቱን አምኖ፣ በገደብ ተለቆ፣ ገደቡን ጥሶ ከታሰረ በኋላ በ1946 ፕሬዚዳንት ትሩማን ምሕረት አድርጎለት ነበር። በ1974 በዚያው ወንጀል እንደገና ተፈረደበት። በዚህ ጊዜ ምሕረት የሚያደርግለት ወዳጅ ዋሽንግተን ውስጥ አልነበረም፤ ጆንሰን በ1973 መጀመሪያ ሞቷል። ኤፕሪል 1 ቀን 1975 ፓር በገዛ መሬቱ ላይ፣ መኪናው ውስጥ ራሱን በሽጉጥ ገድሎ ተገኘ። 74 ዓመቱ ነበር። ስቲቨንሰንም ከሦስት ወር ገደማ በኋላ ሞተ።

በ1967 ጆንሰን ፕሬዚዳንት ሳለ ለጋዜጠኛው ለሮኒ ዳገር አንድ አሮጌ ፎቶግራፍ አውጥቶ አሳይቶት ነበር። ጥቂት ሰዎች መኪና ከበው ቆመዋል፤ በመኪናው አፍንጫ ላይ 13 ቁጥር የተጻፈበት የምርጫ ሣጥን ተቀምጧል። ዳገር ምን እንደሆነ ሲጠይቀው ፈገግ ከማለት በቀር አልመለሰለትም።

መልሱ የመጣው በ1977 ነው። የ13ኛው ጣቢያ ምርጫ ኃላፊ የነበረው ሉዊስ ሳላስ ሸምግሎ፣ ዋነኞቹ ሰዎች ሁሉ ካለፉ በኋላ፣ ለአሶሺየትድ ፕሬስ ዘጋቢ ሁሉንም ተናዘዘ። ስሞቹ ሲጨመሩ እዚያው ነበር፤ የሐሰት መሆናቸውን እያወቀ አጽድቋል፤ ለፍርድ ቤት የሰጠውም ቃል ሐሰት ነበር። አንድ ነገር ግን ከሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላም ያናድደው ነበር። ስሞቹ በፊደል ተራ ሲጻፉ ባየ ጊዜ ለፓር ነግሮት ነበር፤ በአንድ ፊደል ላይ ይህን ያህል ስም አትደርድሩ፣ ከሌላውም ፊደል እያነሣችሁ ቀላቅሉት ብሎ። ፓር ግድ የለም አለውና ጽሑፉ ቀጠለ።